ከአንድ ፎንት እስከ ከተማ፦ ጋሪ ሃስትዊት የማይንቀሳቀስ ነገርን ፊልም ያደረገበት መንገድ

ፊልሙ ሲጀምር አንድ ሰው የብረት ፊደሎችን አንድ በአንድ እየለቀመ ይደረድራል። ቀለም ያስነካቸዋል፣ ወረቀት ያለብሳቸዋል፣ ይጫናል። ወረቀቱ ሲነሳ አንድ ቃል ታትሞበታል፦ ሄልቬቲካ። የሚያብራራ ተራኪ የለም። ከዚያ ካሜራው ወደ ጎዳና ይወጣና ያንኑ ፎንት፣ ማለትም የፊደል ቅርጽ፣ በሱቅ ስም፣ በባቡር ጣቢያ፣ በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ እየለቀመ ያሳያል። ይህን ያየ ሰው ከሲኒማ ቤት ወጥቶ ወደ ቤቱ ሲሄድ ዓይኑ ከሰሌዳ ሰሌዳ መዝለሉን አይተውም።

ፊልሙም ስሙ ሄልቬቲካ ነው፤ ስለዚህ አንድ የላቲን ፎንት ብቻ የሚናገር የ80 ደቂቃ ፊልም ነው። በማርች 2007 በቴክሳስ ኦስቲን፣ በሳውዝ ባይ ሳውዝዌስት ፌስቲቫል ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ከዚያ በ40 አገሮች ከ300 በላይ ከተሞችን ዞረ። አዘጋጁ አሜሪካዊው ጋሪ ሃስትዊት ከዚያ በፊት አንድም ፊልም በዳይሬክተርነት አልሠራም ነበር። በቀጣዮቹ 17 ዓመታት ስለ ቁሳቁስ ዲዛይን፣ ስለ ከተማ፣ ስለ ሥራ ቦታ ሕንፃ፣ ስለ አንድ ጀርመናዊ ዲዛይነር፣ በመጨረሻም ስለ አንድ ሙዚቀኛ ፊልም ሠራ። ይህ ጽሑፍ እነዚህ ፊልሞች እንዴት እንደቆሙና የት እንደላሉ የሚመረምር ነው። ዋናው ነጥባችን ይህ ነው፦ ሃስትዊት የተሳካለት ርዕሱን ባጠበበ ቁጥር ነው። ርዕሱ ሲሰፋ የተናጠል ትዕይንቶቹ ቢያምሩም ፊልሙ ይላላል።

ከሙዚቃ ገበያ የመጣ ሰው

ሃስትዊት የፊልም ትምህርት ቤት ውጤት አይደለም። በ1980ዎቹ መጨረሻ ኤስ ኤስ ቲ ከተባለው የፓንክ ሙዚቃ አሳታሚ ጋር ሠርቷል፤ በ1990ዎቹ ኢንኮሙኒካዶ የተባለ ትንሽ የመጻሕፍት ማተሚያ አቋቁሟል፤ በ2001 ደግሞ ፕሌክሲፊልም የሚባል የዲቪዲ አሳታሚ ከፍቷል። ዳይሬክተር ከመሆኑ በፊት ፕሮዲዩሰር ነበር። በ2002 ስለ ዊልኮ ባንድ የተሠራው፣ በ2004 ደግሞ ስለ ሲንተሳይዘር (የኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ መሣሪያ) ፈጣሪው ሮበርት ሙግ የተሠራው ዘጋቢ ፊልም የእሱ እጅ አለባቸው።

ይህ የሕይወት ታሪክ ማሟያ ብቻ አይደለም፤ የሥራው ቁልፍ እዚህ ነው። የትናንሽ ሙዚቃ አሳታሚዎች ዓለም ሰውን አንድ ነገር ያስተምረዋል፦ ለሁሉም የሚሆን ነገር ከመሥራት ይልቅ ጥቂት ሆነው ነገሩን ከልብ የሚወዱ ሰዎችን መፈለግ፣ አድራሻቸውን መያዝ፣ በቀጥታ ለእነሱ መሸጥ። ግራፊክ ዲዛይነሮች ለዚህ የተመቹ ነበሩ። በየአገሩ ማኅበር አላቸው፣ ትምህርት ቤት አላቸው፣ ብሎግ ያነባሉ፣ ፖስተር ይሰበስባሉ። በዚያን ጊዜ ግን ስለ ሙያቸው ሲኒማ ቤት ገብተው የሚያዩት ፊልም አልነበራቸውም ማለት ይቻላል። ብዙ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ተመልካቹን የሚፈልገው ፊልሙ ካለቀ በኋላ ነው። እዚህ ግን ተመልካቹ ፊልሙን ቀድሞ ተቀምጦ ይጠብቅ ነበር።

ለምን ሄልቬቲካ?

ፎንቱ የተሠራው በ1957 በባዝል አቅራቢያ ሙንሸንስታይን በነበረው የሃስ ፊደል ማቅለጫ ነው። ሥራውን የመራው ኤድዋርድ ሆፍማን፣ የነደፈው ማክስ ሚዲንገር ነው። መጀመሪያ ስሙ ኖየ ሃስ ግሮቴስክ ነበር፤ በ1960 ለጀርመንና ለአሜሪካ ገበያ እንዲመች ሄልቬቲካ ተባለ። መጀመሪያ የታሰበው ስም የስዊዘርላንድ የላቲን መጠሪያ የሆነው ሄልቬሺያ ነበር። ሆፍማን አንድ ፎንት የአገር ስም አይሸከምም ብለው አንዲት ፊደል አስጨመሩበት፤ ትርጉሙም «ስዊዘርላንዳዊ» ሆነ። ሁለቱም ሰዎች በ1980 ስላረፉ በፊልሙ ይህን ታሪክ የምንሰማው ከሆፍማን ልጅ ከአልፍሬድ ሆፍማንና ከፊደል ኩባንያው ሰዎች ነው።

ርዕሱ ለፊልም የበቃው ታዋቂ ስለሆነ ብቻ አይደለም። ሦስት ነገር ገጥሞለታል። በማንኛውም ትልቅ የምዕራብ ከተማ ጎዳና ፈቃድ ሳይጠየቅ የሚቀረጽ ምስል ሞልቶታል። ፎንቱን ለዓለም ያስተዋወቁት ዲዛይነሮች በ2006 ገደማ በሕይወት ነበሩ፣ ይናገራሉም። ከሁሉ በላይ ደግሞ ሰዎች ይጣሉበታል። ለዲዛይነሩ ማሲሞ ቪኜሊ ሄልቬቲካ ሥርዓትና ንጽሕና ነው፤ የአሜሪካን ኤርላይንስን መለያ በ1967 የሠሩት በእሱ ነው። ለፊደል ዲዛይነሩ ኤሪክ ሽፒከርማን ግን እስትንፋስ የሌለው፣ ሁሉም ፊደል አንድ ዓይነት ዩኒፎርም ለብሶ የተሰለፈበት ነገር ነው። ለዲዛይነሯ ፓውላ ሼር ደግሞ በወጣትነቷ የቬትናምን ጦርነት ይደግፋሉ የምትላቸው ትልልቅ ኩባንያዎች ፎንት ነበር። ጠብ የሌለበት ዕቃ ፊልም አይወጣውም፤ ከቶ ቢወጣው የምርት ማስታወቂያ ነው። በዲዛይን ላይ ፊልም ለመሥራት የሚያስብ ሰው መጀመሪያ ሊጠይቅ የሚገባው «ይህን ነገር የሚጠላ አዋቂ ማን ነው?» የሚለውን ነው።

ተራኪ የሌለው ፊልም እንዴት ይያያዛል?

በሄልቬቲካ ከ20 በላይ ሰዎች ይናገራሉ። 80 ደቂቃውን ብንከፍለው ለአንድ ሰው 4 ደቂቃ አይደርስም፤ የጎዳና ምስሎቹና የሙዚቃ ክፍሎቹ ሲቀነሱ ደግሞ ያንሳል። ስለዚህ እያንዳንዱ ተናጋሪ አንድ ሥራ ብቻ ይሰጠዋል። የፊደል ባለሙያው ማይክ ፓርከር በፊደሉ ውስጥና በፊደሎች መካከል ያለው ባዶ ቦታ ቅርጹን እንዴት አጥብቆ እንደያዘው ያስረዳል፤ ያን ጨርሶ ይወጣል። ዲዛይነሩ ላርስ ሙለር ፎንቱን ከከተማ ጋር ያገናኛል። የመጽሔት ዲዛይነሩ ዴቪድ ካርሰን አንድ አሰልቺ ሆኖ ያገኘውን ቃለ መጠይቅ ማንም ሊያነበው በማይችል የምልክት ፎንት አትሞ እንዳወጣ ይተርካል፤ ይህም የ1990ዎቹን አመፅ ወክሎ ይቆማል።

ቅደም ተከተሉ በጊዜ ነው፦ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የመጣው የሥርዓት ጥማት፣ የ1960ዎቹ የኩባንያ መለያዎች፣ ከ1970ዎቹ ጀምሮ የተነሣው ተቃውሞ፣ ከዚያም ወጣቶቹ የሆላንድ ዲዛይነሮች ኤክስፐሪሜንታል ጄትሴት ፎንቱን እንደገና ሲያነሡት። ይህን የሚነግረን ድምፅ የለም። ሥራውን የሚሠራው ኤዲቲንጉ ነው፤ አንዱ ሲያመሰግን ሌላው ይቀጥልና ያፈርሰዋል፣ ተመልካቹ ከመካከላቸው ይቀመጣል።

ዲዛይነሩ ማይክል ቤሩት የሚታይበትን ቦታ ቀረብ ብሎ ማየት ይጠቅማል። ቤሩት አሮጌ መጽሔት ይገልጣል። የ1950ዎቹን ማስታወቂያዎች ያሳያል፦ የተንዛዛ የእጅ ጽሑፍ የሚመስል ፊደል፣ የቃል አጋኖ ላይ ቃል አጋኖ፣ ፈገግታ የማይለያቸው ቤተሰቦች። ከዚያ ገጹን ይለውጥና አንድ የኮካ ኮላ ማስታወቂያ ይመጣል። አንድ ብርጭቆ፣ በረዶ፣ በሄልቬቲካ የተጻፈ አጭር ዐረፍተ ነገር፣ አራት ነጥብ። በቃ። ምንም ግራፊክስ ሳይጨመር፣ ሁለት የወረቀት ገጽ ብቻ ይዞ፣ አንድ ሰው በደቂቃዎች ውስጥ ንድፍ ለምን እንደተለወጠ ያሳየናል። ተናጋሪው እጁ ላይ ዕቃ ሲይዝ ንግግሩ ይቀላል፣ ካሜራውም የሚያየው ያገኛል። ወንበር ላይ ተቀምጦ «የዘመናዊነት ፍልስፍና» ቢያወራ ኖሮ ያንኑ ነገር ለማስረዳት ሦስት እጥፍ ጊዜ በወሰደ፣ ግማሹም ኤዲቲንግ ላይ በቀረ ነበር።

ተራኪ የሌለው ፊልም የሚበላሽበት የታወቀ ቦታ አለ። ጠያቂው ድምፁ ስለሚወጣ መልሱ ለብቻው መቆም አለበት። «አዎ፣ እሱ በ1957 ነው» የሚል መልስ ምንም ያህል እውነት ቢሆን አይጠቅምም፤ «እሱ» ማን እንደሆነ የሚነግረን የለም። ስለዚህ ቀረጻው ከመጀመሩ በፊት ተናጋሪው የጥያቄውን ዋና ቃል በመልሱ ውስጥ እንዲደግም ይነገረዋል፤ ከረሳም እዚያው እንደገና ይጠየቃል። ይህን ሳያደርጉ ቀርጸው የተመለሱ ሰዎች በመጨረሻ ያልፈለጉትን ተራኪ ለመቅጠር ይገደዳሉ።

የቆመን ነገር መቅረጽ

የሄልቬቲካ ቀራጭ ሉክ ጋይስቡለር ነበር። ሰሌዳ አይንቀሳቀስም፣ ወንበርም አይንቀሳቀስም። ጀማሪ ቀራጭ ይህን ለማካካስ ካሜራውን ያንቀሳቅሳል፤ ያጎላል፣ ያርቃል፣ ያዞራል። ውጤቱ ዓይን የሚያደክም የዕቃ ካታሎግ ነው። እነዚህ ፊልሞች አብዛኛውን ጊዜ የሚያደርጉት ተቃራኒውን ነው። ካሜራው ይቆማል፤ ሰው፣ አውቶቡስ፣ ጥላ በፊቱ ያልፋል። ፊደሉ ከሚያልፈው ሕይወት ጀርባ ጸንቶ ሲቆም ስለ እሱ የሚባለው ሁሉ በምስል ይታያል።

በመብራት የሚሠራ ሰሌዳ የሚቀርጽ ሰው ሌላም ጣጣ ይገጥመዋል። በአውሮፓ የኤሌክትሪክ መስመር በሰከንድ 50 ዑደት፣ በአሜሪካ 60 ነው። በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል)፣ በተለመደው 180 ዲግሪ ሸተር (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ የሚወስነው መክፈቻ) በአውሮፓ የተቀረጸ የፍሎረሰንት ሰሌዳ ምስሉ ላይ ይርገበገባል። መፍትሔው ሸተሩን ወደ 172.8 ዲግሪ ማውረድ ነው፤ ይህም የሰከንድ 1/50 ይሆናል። በአሜሪካ ደግሞ 144 ዲግሪ 1/60 ይሰጣል። መርገብገቡ በካሜራው ትንሽ መስኮት ላይ ላይታይ ይችላል፤ ሲኒማ ስክሪን ላይ ግን ጎልቶ ይወጣል፤ ከተቀረጸ በኋላ ማስተካከሉም ውድ ነው።

ሙዚቃውም የሚታለፍ አይደለም። ከኤል ቴን ኢለቨን፣ ከካሪቡ፣ ከዘ ሲ ኤንድ ኬክ የመጡት ዜማዎች ብዙዎቹ ዘፈን የሌላቸው ናቸው። የሰው ድምፅ ከሰው ድምፅ አይጋጭም ማለት ነው። ባንዶቹ ከትናንሽ አሳታሚዎች የመጡ ናቸው፤ ያ ደግሞ ሃስትዊት ቋንቋውን የሚያውቀው ገበያ ነበር።

ኦብጀክቲፋይድ፦ ዕቃውና ፋብሪካው

ሁለተኛው ፊልም በ2009 ወጣ፣ 75 ደቂቃ ነው። ርዕሱ በፋብሪካ በብዛት የሚመረት ዕቃ ዲዛይን ነው። ሁለት ትዕይንቶች ፊልሙን ይሸከሙታል።

አንደኛው የድንች መላጫ ነው። የኒውዮርኩ ስማርት ዲዛይን ባልደረቦች ለወጥ ቤት ዕቃ ኩባንያው ለኦክሶ የሠሩትን መላጫ ታሪክ ይተርካሉ። የኩባንያው መሥራች ሳም ፋርበር ባለቤቱ በአርትራይተስ (የመገጣጠሚያ ሕመም) ምክንያት ቀጭን የብረት እጀታ መጨበጥ ሲያስቸግራት አይቶ ነው ነገሩን የጀመረው። ዳን ፎርሞሳ የሚለው ሐሳብ ቀላል ነው፦ ለመሃለኛው ተጠቃሚ አትንደፍ፤ እጁ ለደከመውና ብርቱ ለሆነው ከሠራህ መሃለኛው በራሱ ይመቸዋል። ሁለተኛው ዲዛይነሩ ጆናታን አይቭ የአፕልን ላፕቶፕ አካል ከአንድ ቁራጭ አሉሚኒየም ተጠርቦ ሲወጣ የሚያሳይበት ነው። አይቭ የሚናገረው ስለ ላፕቶፑ ውበት ሳይሆን አሉሚኒየሙ በሚጠረብበት ጊዜ ወጥሮ ስለሚይዘው መያዣ ነው። ከድካሙ ብዙው የሚሄደው ተጠቃሚው መቼም በማያየው በዚያ መሣሪያ ላይ እንደሆነ ይናገራል። ይህን ዓይነት ነገር ከዲዛይነሩ አፍ ከማውጣት የበለጠ ዘጋቢ ፊልም ምን ሊሠራ ይችላል?

ጉድለቱም ግልጽ ነው። በሄልቬቲካ ተናጋሪዎቹ ስለ አንድ ነገር ይከራከሩ ነበር። እዚህ እያንዳንዱ ስለራሱ ሥራ ስለሚናገር ክርክሩ ይበተናል፤ ዲዛይነሮቹ ካሪም ራሺድና ናኦቶ ፉካሳዋ አንድ ጠረጴዛ ላይ አይገናኙም። ትችቱ ብዙውን ጊዜ የሚመጣው ከጋዜጠኛው ከሮብ ዎከር ነው። ዎከር ትልቅ የማስታወቂያ በጀት ቢሰጠው ሰዎች አስቀድመው በእጃቸው ያለውን ዕቃ እንዲወዱ አደርግበት ነበር ይላል። ትክክለኛ ቃል ነው፤ ብቻውን መሆኑ ግን ያሳዝናል።

ኧርባናይዝድ፦ ምርጥ ትዕይንት፣ የላላ ፊልም

ሦስተኛው በ2011 በቶሮንቶ ፌስቲቫል ታየ፣ 85 ደቂቃ ነው። ለማጠናቀቂያው በኪክስታርተር (በኢንተርኔት ከሕዝብ ገንዘብ ማሰባሰቢያ) ከ118 ሺህ ዶላር በላይ ተሰበሰበ። በመሠረቱ ፊልሙ ሳያልቅ አስቀድሞ የተሸጠ ዲቪዲና ፖስተር ነው፤ ሃስትዊት ከድሮ ጀምሮ ሲሠራበት የኖረው ስሌት መልኩን ለውጦ መጣ። እንዲህ ያለ ገንዘብ ግን ግዴታ አለበት። ለደጋፊዎች የሚላከው ዕቃ ማሳተሚያና ፖስታ ከተሰበሰበው ላይ ይቀነሳል፤ ይህን ቀድሞ ያላሰላ ሰው ፊልሙን ለመጨረስ የያዘውን ገንዘብ በፖስታ ቤት ይጨርሰዋል።

የፊልሙ ምርጥ ክፍል ቺሊ ነው። አርክቴክቱ አሌካንድሮ አራቬና በሳንቲያጎ ሎ ባርኔቼያ ለድሃ ቤተሰቦች ቤት ሲሠሩ ገንዘቡ ለሙሉ ቤት ስለማይበቃ፣ ቤተሰቡ ብቻውን ሊሠራው የማይችለውን ግማሽ ሠርተው ሌላውን ለነዋሪው ይተዋሉ። ታዲያ ነዋሪዎቹ እንዲመርጡ ተጠየቁ፦ የውሃ ማሞቂያ ወይስ የገላ መታጠቢያ ገንዳ? ባለሙያ ሁሉ ማሞቂያ ይል ነበር። ነዋሪዎቹ የመረጡት ገንዳውን ነው። ምክንያታቸው ምንም አያሻማም፤ ገና ሲገቡ የጋዝ ሒሳብ መክፈል አይችሉም፤ ማሞቂያው ቢሰጣቸው ምናልባት ይሸጡታል እንጂ አይጠቀሙበትም። በጋራ ቧንቧ ለኖረ ሰው ደግሞ በር ዘግቶ መታጠብ ራሱ አዲስ ሕይወት ነው። ስለ «አሳታፊ ንድፍ» የተጻፈ ብዙ ነገር አለ፤ ይህችን የምታህል ማስረጃ ግን ጥቂት ነች።

ብራዚሊያ ላይ የሃስትዊት የድሮ ጥበብ ይመለሳል። ከተማዋ በሉሲዮ ኮስታ ፕላን ተሠርታ በ1960 ተመረቀች፤ ሐውልት የሚመስሉትን ሕንፃዎች የነደፉት ኦስካር ኒማየር መቶ ዓመት አልፏቸው እየተናገሩ ይታያሉ። ከዚያ ዴንማርካዊው አርክቴክት ያን ጌል ይመጡና ከተማዋ ከአውሮፕላን ስትታይ ታምራለች፤ በእግር ለሚሄድ ሰው ግን ነገሩ ሌላ ነው ይላሉ፣ እሳቸው የተጠቀሙበት ቃል ከዚህም ይከፋል። ካሜራው ማን ልክ እንደሆነ አይፈርድም። ባዶውን ሰፊ ሜዳና ሣሩ ላይ እግረኛ የፈጠረውን መንገድ ያሳያል። በቦጎታ ደግሞ የቀድሞው ከንቲባ ኤንሪኬ ፔኛሎሳ ብስክሌት እየነዱ ይታያሉ፤ የብስክሌቱና የእግረኛው መንገድ ተነጥፏል፣ መኪናው ጭቃ ውስጥ ይሄዳል። ማን ቀደም እንደሚባል ለማሳየት ከዚህ የተሻለ ሥዕል አይገኝም።

ሌላም ሌላም አለ፦ በኬፕታውን ካየሊቻ ሰው ሳይፈራ እንዲሄድበት በመብራትና በጥበቃ የተሰናዳ የእግር መንገድ፣ ከአሮጌ የባቡር ድልድይ የተሠራው የኒውዮርኩ መናፈሻ ሃይ ላይን፣ በሽቱትጋርት የባቡር ጣቢያ ፕሮጀክትን የተቃወመው ሕዝብና ፖሊስ የተጠቀመበት የውሃ መድፍ፣ የዲትሮይት የጓሮ እርሻ። ችግሩም ይኸው ነው። ከተማ ርዕስ አይደለም፤ የርዕስ መጋዘን ነው። ሽቱትጋርት ብቻውን የ85 ደቂቃ ፊልም ይወጣዋል፤ እዚህ ግን ጥቂት ደቂቃ አግኝቶ ያልፋል፣ ተመልካቹም ማን ምን እንደወሰነ ሳያውቅ ይቀራል። ቦታ ሲበዛ ውሳኔን የተሸከመው ሰው ይጠፋል፤ ከተማን ደግሞ የሚሠራው ውሳኔ ነው። ቤተሰቦቹ ገንዳ የመረጡበት ትዕይንት የበረታው ውሳኔው ከነምክንያቱ ስለታየ ነው።

ወደ አንድ ሰው መመለስ

በ2016 በቬኒስ የአርክቴክቸር ቢዬናሌ (በየሁለት ዓመቱ የሚደረግ ዐውደ ርእይ) የቀረበው ወርክፕሌስ ርዕሱን ወደ አንድ ሕንፃ አጠበበ፦ አር/ጂ ኤ የተባለው ኩባንያ በኒውዮርክ ያሠራው፣ ፎስተር ኤንድ ፓርትነርስ የነደፈው ቢሮ።

ትልቁ መመለስ ግን በ2018 የመጣው ራምስ ነው። ጀርመናዊው ዲዛይነር ዲተር ራምስ በ1955 የኤሌክትሪክ ዕቃ አምራቹ ብራውን ገብተው ከ1961 እስከ 1995 የዲዛይን ክፍሉን መርተዋል። በ1956 ከሃንስ ጉጌሎት ጋር የሠሩት ግልጽ የፕላስቲክ ክዳን ያለው ሬዲዮና ሸክላ ማጫወቻ፣ በ1960 የወጣውና ዛሬም በቪትሶ ኩባንያ የሚመረተው 606 መደርደሪያ የእሳቸው ናቸው። በኦብጀክቲፋይድ ውስጥ ጥቂት ደቂቃ ተናግረው ነበር፤ ያች ጥቂት ደቂቃ ሙሉ ፊልም ወለደች። በኪክስታርተር ከ200 ሺህ ዶላር በላይ ተሰበሰበ፤ ሙዚቃውን ሙዚቀኛው ብራያን ኢኖ ሠራ።

እዚህ ክርክሩ በተናጋሪዎች መካከል አይደለም፤ በአንድ ሰው ልብ ውስጥ ነው። ካሜራው ክሮንበርግ በሚገኘው ቤታቸው፣ ራሳቸው በነደፉት ወንበርና መደርደሪያ መካከል፣ ቦንሳይ ዛፎቻቸውን ሲከረክሙ ያያቸዋል። ሌሎች ኩባንያዎች ብዙ እንዲሸጡ መንገድ የከፈተ ዲዛይን የሠሩ ሰው፣ በዓለም ላይ የማያስፈልግ ዕቃ በዝቷል፣ እንደገና ብወለድ ዲዛይነር አልሆንም ይላሉ። ኦብጀክቲፋይድ ለሮብ ዎከር ብቻ የተወው ትችት እዚህ ከባለሙያው ከራሱ አፍ ይወጣል፤ ክብደቱም ሌላ ነው።

ጊዜ በሄደ ቁጥር እነዚህ ፊልሞች ሌላም ዋጋ አግኝተዋል። በፊልሞቹ ከተናገሩት መካከል ኒማየርና ቢል ሞግሪጅ በ2012፣ ቪኜሊና ማይክ ፓርከር በ2014፣ ኸርማን ዛፕፍና ቻርለስ ኮሪያ በ2015፣ ዊም ክራውል በ2019 አረፉ። ያልተቆረጠው ሙሉ ቃለ መጠይቅ፣ ፊልሙ ከወሰደው ጥቂት ደቂቃ በላይ ያለው ሁሉ፣ ዛሬ ለአጥኚ ከፊልሙ ያላነሰ ነገር ነው። ቴፑንና ፋይሉን ፊልሙ ሲያልቅ የሚጥል ፊልም ሠሪ ይህን ያስብ።

ሃስትዊት ራሱ ወደዚያ የደረሰ ይመስላል። በጃንዋሪ 2024 በሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል የቀረበው «ኢኖ» የተባለው ፊልም አንድ ቋሚ ቅጂ የለውም። ከብሬንደን ዶውስ ጋር በሠራው ሶፍትዌር፣ ከቃለ መጠይቆቹና ከብራያን ኢኖ ማኅደር ትዕይንቶች ተመርጠው በየዝግጅቱ ፊልሙ እንደ አዲስ ይደረደራል። ጥቂት ቁርጥራጮች ቦታቸው የተወሰነ ነው፤ የቀረው ይለዋወጣል። ይህ በተግባር ችግር አለው። ሲኒማ ቤት የሚቀበለው አንድ የተዘጋ ፋይል ነው፤ ስለዚህ ወይ ለየዕለቱ ሌላ ፋይል መላክ አለበት፣ ወይ መሣሪያው እዚያው ቦታው ላይ መሥራት አለበት። ሁለት ተመልካች ስለ «ፊልሙ» ሲያወሩ አንዱ ያየውን ሌላው አላየውም። በሄልቬቲካ ውስጥ ቪኜሊ ሲያመሰግኑ ሽፒከርማን ወዲያው የሚያፈርሱት ኤዲተሩ ጎን ለጎን ስላስቀመጣቸው ነው፤ በኢኖ ያን ጎረቤትነት የሚወስነው ማሽኑ ነው።